በቱታ አብሶሉታ ስም ጎን ያለው ቅንፍ ለምን ጠፋ?

የቲማቲም ጠንቅ የሆነችው ቱታ አብሶሉታ ትንሽዬ የእሳት እራት ናት። ክንፏ ሲዘረጋ 1 ሳንቲ ሜትር ቢሆን ነው። ቀለሟ ብርማ ግራጫ ሆኖ ጠቆር ያሉ ነጠብጣቦች አሉባት። ዘመዶቿም ይህንኑ ስለሚመስሉ ባለሙያዎች እርግጠኛ ለመሆን የወንዱን የመራቢያ አካል በማይክሮስኮፕ ያያሉ። ገበሬው ግን የሚያውቃት በትሏ ነው፤ የቅጠሉን ውስጥ ትበላና ሽፋኑን ትተወዋለች። መገኛዋ ደቡብ አሜሪካ ነው። ኢትዮጵያ ውስጥ በ2012 እ.ኤ.አ. ታየች።

ግራ የሚያጋባው የስሟ አጻጻፍ ነው። አንዱ ሰነድ «ቱታ አብሶሉታ (ሜይሪክ፣ 1917)» ይላል። ሌላው ደግሞ «ፍቶሪሜያ አብሶሉታ ሜይሪክ፣ 1917» ብሎ ያለ ቅንፍ ይጽፋል። የፊደል ስህተት እንዳይመስላችሁ።

ሜይሪክ በ1917 ከፔሩ በመጣ ናሙና ዝርያዋን የገለጸው እንግሊዛዊ ነው። የእንስሳት ስም አወጣጥ ሕግ እንዲህ ይላል፦ ዝርያው መጀመሪያ ከተመደበበት ጂነስ (የተቀራረቡ ዝርያዎች ምድብ፣ የስሙ የመጀመሪያ ቃል) ወደ ሌላ ከተዛወረ፣ የገላጩ ስም ቅንፍ ውስጥ ይገባል። ካልተዛወረ ቅንፍ የለም። በቃ ይኸው ነው። ዕፅዋት ላይ ግን ያዛወረው ሰው ስምም ይጨመራል፤ እሱ ሌላ ጣጣ ነው።

ሜይሪክ መጀመሪያ ፍቶሪሜያ ውስጥ ነበር የመደባት። ከዚያ ከአንዱ ጂነስ ወደ ሌላው ስትዞር ቆይታ በ1994 ቱታ ውስጥ ገባች። በ2021 ተመራማሪዎች ወደ ፍቶሪሜያ መለሷት፣ ድንች ከምታጠቃው የእሳት እራት ጋር ማለት ነው። የመጀመሪያ ቤቷ ስለተመለሰች ቅንፉም ተነሳ። በግብርናው ዓለም ግን አሁንም ብዙዎች «ቱታ» ነው የሚሏት። መረጃ ስትፈልጉ ሁለቱንም ስም ሞክሩ።