የጋራ ንብረት ክፍፍል ክርክር በጅማ

የጋራ ንብረት ክፍፍል ክርክር ማለት ንብረቱ የበርካታ ሰዎች ሆኖ ማን ምን ይውሰድ የሚለው ሳያስማማ ሲቀር ዳኛ ፊት የሚቀርብ ጉዳይ ነው። ጅማ ላይ መነሻው በአብዛኛው ውርስ ወይም ፍቺ ነው። የሚከፈለውም ከተማው ውስጥ ቤት፣ ወጣ ሲባል የቡና ማሳ ነው።

በጅማው ንጉሥ በዳግማዊ አባ ጅፋር ዘመን እንዲህ ያለ ጉዳይ በቃዲዎች (በሸሪዓ ዳኞች) እና በሽማግሌዎች ያልቅ ነበር።

ዛሬ ችሎት የሚጠቀስበት ሕግ በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ ነው። ከቁጥር 1257 ጀምሮ ስለ ጋራ ባለቤትነት ይደነግጋል። ሌላ ማስረጃ እስካልቀረበ ድረስ ድርሻ እኩል እንደሆነ ይገመታል። አንዱ ባለድርሻ ድርሻውን ለውጭ ሰው ሊሸጥ ሲነሳ ሌሎቹ ቀድመው የመግዛት፣ ማለትም የቀዳሚነት መብት አላቸው። ብዙ ቤተሰብ ይህን የሚሰማው ግን ሽያጩ ካለቀ በኋላ ነው፤ ያሳዝናል።

የክርክሩን መልክ የቀየረው 1967 ዓ.ም. ነው። አዋጅ ቁጥር 47 የከተማ ቦታንና ትርፍ ቤቶችን የመንግሥት አደረገ። ለአንድ ቤተሰብ አንድ መኖሪያ ቤት ቀረለት። ስለዚህ በፈረንጅ አራዳም ሆነ በመንደራ ሰፈር ልጆች የሚወርሱት ቤቱንና በቦታው የመጠቀም መብትን እንጂ መሬቱን አይደለም። የቀበሌ ቤት ደግሞ ከነጭራሹ ውርስ አይገባም። ወላጅ አርባ ዓመት ኪራይ ቢከፍልበትም ቤቱ የመንግሥት ነው። ይህንን ላልተቀበሉ ወንድማማቾች ማስረዳት ከባድ ነው።

አካሄዱ እንዲህ ነው። መጀመሪያ የወራሽነት ማረጋገጫ ይወጣል። ቀጥሎ የክፍፍል ክስ ይቀርባል። ፍርድ ቤቱ ባለሙያ ልኮ ቤቱን ያስገምታል፤ በዓይነት፣ ማለትም ቤቱ ራሱ ተቆርሶ መከፈል ይችል እንደሆነም ያስጠይቃል። ከተቻለ ይከፈላል። ካልተቻለ አንዱ ቤቱን ወስዶ ለሌሎቹ ድርሻቸውን በገንዘብ ይሰጣል። በዚህም ካልተስማሙ ሐራጅ ነው። አንድ ሳሎንና ሁለት ክፍል ያለው ቤት ለስድስት ወራሽ በዓይነት አይከፈልም። ሐራጁ የሚመራው ፍርድን በሚያስፈጽመው የአፈጻጸም ችሎት ስለሆነ «ፈረዱልኝ» ያለ ሰው እንደገና ወረፋ ይይዛል። የሰዉ ትዕግሥት የሚያልቀው እዚህ ላይ ነው።

የቡና ማሳ ሌላ ጣጣ አለው። በ1999 ዓ.ም. የወጣው የኦሮሚያ የገጠር መሬት አዋጅ ቁጥር 130 ለቋሚ ሰብል የተያዘ መሬት ከሩብ ሄክታር በታች እንዳይበጣጠስ ደነገገ። ስለዚህ ትንሽ ማሳ ያላቸው ወራሾች በጋራ ያርሱታል ወይም አንዱ ይይዘዋል።

ይርጋ፣ ማለትም ክስ የሚቀርብበት የጊዜ ገደብ፣ አከራካሪ ነው። የፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 1000 ውርስን ለመጠየቅ የሦስት ዓመትና የአሥራ አምስት ዓመት ገደብ ያስቀምጣል። ይህ ገደብ ወራሽነታቸው ባልተካደ እኅትማማቾች መካከል ይሠራል ወይ የሚለው ጠበቆችን ለረጅም ጊዜ አከራክሯል።

የሸሪዓ ፍርድ ቤት ነገርም አለ። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 34 የቤተሰብ ጉዳይ በሃይማኖት ሕግ እንዲዳኝ የሚፈቅደው ተከራካሪዎቹ ሲስማሙ ብቻ ነው። ይህ «ሲስማሙ» የሚለው ቃል ትልቅ ነው። በሸሪዓ ሴት ልጅ የወንድሟን ግማሽ ትወርሳለች። በፍትሐ ብሔር ሕጉ ግን እኩል ነው። ፈቃዷ በትክክል ሳይጠየቅ ማኅተም የተመታበት ውሳኔ ለእኔ ፍትሕ አይደለም።

የክልሉ ችሎቶች የሥራ ቋንቋ አፋን ኦሮሞ ነው። አማርኛ ብቻ የሚናገር ተከራካሪ በአስተርጓሚ ይቆማል፤ ማመልከቻውንም የሚያስጽፈው በአፋን ኦሮሞ ነው። ጠበቃ ለማይችል የጅማ ዩኒቨርሲቲ የሕግ ትምህርት ቤት ነፃ የሕግ ድጋፍ ይሰጣል። ከተማዋ በዚህ ብትኮራ አይበዛባትም።

ከ2013 ዓ.ም. ወዲህ ደግሞ በክልሉ የባህል ፍርድ ቤቶች በአዋጅ ተቋቁመዋል። ሽምግልና ለጅማ አዲስ ነገር አይደለም። ቡና ቀርቦ፣ እናት መሐል ተቀምጣ ብዙ ቤት ተከፍሏል። ወደ ክስ የገባ ሰውም ቢሆን አልረፈደበትም። በሽማግሌ የተደረሰበት ስምምነት በጽሑፍ ሆኖ በችሎት ከጸደቀ እንደ ፍርድ ይፈጸማል።