«በዮሐንስ እረስ፣ በማቴዎስ እፈስ»፦ የዘመን ቆጣሪ ሊቃውንት ሒሳብ በገበሬ አፍ

በእንጦጦ ጀርባ፣ ከአዲስ አበባ ወደ ሱሉልታ በሚወርደው መንገድ ግራና ቀኝ፣ ገና የሚታረስ መሬት ካላቸው አባቶች «በዮሐንስ እረስ፣ በማቴዎስ እፈስ» የሚል አነጋገር ሰምቻለሁ። የሚነገረው የድካሙን ዋጋ በዚያው ሰሞን ለማየት ለሚቸኩል ሰው ነው። ዘር በተጣለበት ወቅት ጎታ አይሞላም፤ የአንዱ ዘመን ሥራ የሚታፈሰው በሌላው ዘመን ነው፣ እንደ ማለት ነው። ይህን ያህሉ ለማንም ግልጽ ነው። ከአራቱ ወንጌላውያን ሁለቱ ብቻ ለምን እንደ ተመረጡ ግን የሚጠይቅ ሰው እምብዛም አይገኝም፤ የአነጋገሩ ምሥጢር ያለው ደግሞ እዚያው ላይ ነው።

አስቀድሞ ስለ ቃሉ ጥቂት ማለት ያስፈልጋል። «እፈስ» የ«አፈሰ» ትእዛዝ ነው፤ አፈሰ ማለትም ተከምሮ የተገኘን ነገር በእጅ ወይም በዕቃ እየዘገኑ ማንሳት ነው። በከተማ ያደጉ ወጣቶች ከ«ፍሰስ» ጋር ሲያምታቱት አጋጥሞኛል፤ የሁለቱ ትርጉም ግን ተቃራኒ ነው፤ የፈሰሰ ይበተናል፣ የታፈሰ ይሰበሰባል። ተናጋሪው «እጨድ» ወይም «ውቃ» አለማለቱም በከንቱ አይደለም። አረሙን፣ አጨዳውን፣ ክምሩንና ውቂያውን ሁሉ አልፎ፣ እህሉ ከገለባው ተለይቶ ከአውድማው ወደ ስልቻ ወደሚገባበት ሰዓት በአንድ ቃል ደርሷል። «እረስ» እና «እፈስ» በአንዲት ፊደል ብቻ መለያየታቸው፣ በሁለቱ መካከል ያለው የወራት ልፋት በጆሮ ላይ እንዲያጥር አድርጎታል።

«ዮሐንስ» ሲባልም መስከረም 1 ቀን የሚከበረው በዓል አይደለም። ሕዝቡ ዕንቁጣጣሽን «ቅዱስ ዮሐንስ» የሚለው በመጥምቁ በዮሐንስ ስም ሲሆን፣ በዚህ አነጋገር የተጠራው ግን ዘመኑ የተሰየመለት ወንጌላዊው ነው። በአዲስ ዓመት ማግሥት «ከዘመነ ዮሐንስ ወደ ዘመነ ማቴዎስ በሰላም አሸጋገረን» ስንባባል የምንጠራው እርሱን ነው።

ወደ ዋናው ጥያቄ ስንመለስ፣ የአራቱም ወንጌላውያን ስም በ«ስ» ያልቃል። ስለዚህ ቤት ለመምታት ብቻ ቢሆን ኖሮ «በማርቆስ እረስ፣ በሉቃስ እፈስ» ቢባል ጆሮ አይጎረብጥም ነበር። እንዲያውም በቤተ ክርስቲያን ሥዕል ማቴዎስ በሰው፣ ማርቆስ በአንበሳ፣ ሉቃስ በላም፣ ዮሐንስ በንስር ገጽ ስለሚመሰሉ፣ እርሻ የሚገባው ለሉቃስ ይመስላል። ይህንኑ በአንድ ወቅት ለሰፈራችን መርጌታ አንስቼባቸው ነበር። «መርጌታ፣ የላሙ ሉቃስ እያለ እርሻው ለምን ለዮሐንስ ተሰጠ?» ብላቸው፣ «ልጄ፣ አካፍለህ እየው፤ መልሱ ያለው ከሥዕሉ ሳይሆን ከቀሪው ነው» አሉኝ።

ቀሪ ያሉት የባሕረ ሐሳብን ቀሪ ነው። ባሕረ ሐሳብ በዓላትንና አጽዋማትን ለማውጣት የፀሐይንና የጨረቃን ዑደት የሚያሰላ፣ ሊቃውንቱ ለደቀ መዛሙርት በቃልና በጣት ቆጠራ ጭምር ሲያወርሱት የኖሩት የዘመን ትምህርት ነው። የዘመኑን ወንጌላዊ ለማግኘት በዓመተ ምሕረቱ ላይ 5500 ተደምሮ ዓመተ ዓለም ይገኛል፤ እርሱም ለ4 ይካፈላል። 1 ቢቀር ማቴዎስ፣ 2 ቢቀር ማርቆስ፣ 3 ቢቀር ሉቃስ፣ ምንም ባይቀር ዮሐንስ ነው። 2016 ዓ.ም. ሲሰላ 7516 ለ4 ተካፍሎ 1879 ይደርሳል፤ ቀሪ ስለሌለው ዘመኑ ዮሐንስ ነበር። በ2017 ግን 7517 ሲካፈል 1 ይቀራል፤ እርሱም ማቴዎስ ነው። እንግዲህ ዮሐንስ ዙሩ የሚዘጋበት፣ ማቴዎስ እንደገና የሚከፈትበት ነው።

ዙሩ አራት የሆነበት ምክንያት ከሰማይ የመጣ ነው። ሊቃውንቱ አንዱን ዕለት በ60 ኬክሮስ ይከፍሉታል፤ የፀሐይ ዓመትም ከ365 ዕለት በተጨማሪ 15 ኬክሮስ፣ ማለትም የዕለት ሩብ፣ እንዳለው ያስተምራሉ፤ ከዚያ በታች ያሉትን ጥቃቅን ክፍልፋዮች እዚህ ልተዋቸው። አራቱ ሩቦች ተጠራቅመው አንድ ዕለት ሲሞሉ በዘመነ ሉቃስ መጨረሻ ጳጉሜን 6 ትሆናለች። ከባሕር ጠለል 3,200 ሜትር ገደማ ከፍ ብሎ በሚገኘው በእንጦጦ ተራራ ላይ ዛሬ የ1 ሜትር መስታወት ያላቸው ሁለት ቴሌስኮፖች ሰማዩን ይመለከታሉ፤ በዚያው ተራራ በማርያም ቤተ ክርስቲያን ደግሞ ዘመን በባሕረ ሐሳብ ይቆጠራል። ከተራራው ሥር ሆኜ ሁለቱን ባሰብሁ ቁጥር ደስታ ይሰማኛል፤ መሬት ፀሐይን ዞራ ስትመለስ ሙሉ ቀን የማይሞላ ትርፍ እንደምታስቀር ሁለቱም ያውቃሉና።

ገበሬው ይህን ሒሳብ ከራሱ ሥራ ጋር ያገናኘው መስከረም በዘርና በመከር መካከል ስለሚገባ ነው። በሰኔና በሐምሌ የተዘራው ገብስና ጤፍ አውድማ የሚደርሰው ከጥቅምት እስከ ታኅሣሥ ስለሆነ፣ የዘራበት ዓመትና ያፈሰበት ዓመት ምንጊዜም የተለያየ ስም አላቸው። በማንኛውም ዓመት እንዲህ ከሆነ ከዮሐንስ ወደ ማቴዎስ የሚደረገው ሽግግር ለምን ተመረጠ ለሚል፣ እኔ የምሰጠው መልስ ይህ ነው፦ ዮሐንስ ቀሪ የሌለው ዘመን ነው። ያለው እህል ለዘር ወጥቶ ጎታው በክረምት የሚራቆትበት ገበሬም በዚያን ጊዜ እጁ ላይ የሚቀረው የለም፤ ማቴዎስ ግን አንድ ብሎ ይጀምራል። አንዳንዶች አነጋገሩን እንደ ትንቢት ወስደው ዘመነ ማቴዎስ በባሕርዩ የጥጋብ ዓመት ነው ሲሉ እሰማለሁ፤ ይህን አልቀበለውም። ቃሉ «እፈስ» ከማለቱ በፊት «እረስ» ብሏል፤ ያላረሰ ሰው በማቴዎስም የሚያፍሰው የለውም።

2020 ዓ.ም. ዘመነ ዮሐንስ ነው፤ 7520 ለ4 ሲካፈል ምንም አይቀርም። በዚያ ክረምት በሱሉልታ ሜዳ የሚዘራው ገብስ አውድማ ላይ የሚወቃው በ2021 ዓ.ም. ኅዳር ገደማ፣ በዘመነ ማቴዎስ ይሆናል።