መምህራንን ወደ ጠፈር የመላክ ውጥንና የቻሌንጀር አደጋ

«መምህር በጠፈር» የአሜሪካው የጠፈር ድርጅት ናሳ በ1980ዎቹ የጀመረው ውጥን ነው። ሐሳቡ ቀላል ነበር። አንድ የክፍል አስተማሪ በመንኮራኩር ተሳፍሮ ይወጣል፣ ከምድር ዙሪያ እየተሽከረከረ ለተማሪዎች ያስተምራል፣ ተመልሶም ያየውን ይናገራል። ለዚህ የተመረጠችው መምህርት ክሪስታ ማኮሊፍ ስትሆን፣ የተሳፈረችባት ቻሌንጀር ጃንዋሪ 28 ቀን 1986 ተነስታ በ73ኛው ሰከንድ ላይ ተበታተነች። ሰባቱም ተሳፋሪዎች አለቁ። በእኛ አቆጣጠር ማክሰኞ ጥር 20 ቀን 1978 ዓ.ም. መሆኑ ነው። ከዚህ ሌላ ያሉት ዓመታት በሙሉ እንደ ኤውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ነገሩ ብዙ ጊዜ «መንኮራኩሯ ፈነዳች» ተብሎ ይታለፋል። ከአደጋው በፊትም በኋላም የመምህራኑ ታሪክ ግን ረጅም ነው፤ በቅጡ ሊነገር ይገባዋል።

ውጥኑና ምርጫው

ፕሬዚዳንት ሮናልድ ሬጋን ውጥኑን ይፋ ያደረጉት ኦገስት 27 ቀን 1984 ነው። ወቅቱ የምርጫ ዘመቻ የተጧጧፈበት ነበር፤ ትልቁ የአሜሪካ መምህራን ማኅበርም ድጋፉን ለተቀናቃኛቸው ለዋልተር ሞንዴል ሰጥቶ ነበር። ስለዚህ «ይሄ የመምህራንን ድምፅ መሸመቻ ነው» ያሉ አልጠፉም። ሊሆን ይችላል። መምህራኑ ግን ጥሪውን የተቀበሉት ከልባቸው ነው፤ ከ11,000 በላይ የሚሆኑ አመለከቱ። በየክልሉ ተጣርተው 114 ቀሩ። ከእነሱ ውስጥ 10 ለመጨረሻው ዙር አለፉ።

ጁላይ 19 ቀን 1985 ምክትል ፕሬዚዳንቱ ጆርጅ ቡሽ አሸናፊዋን በዋይት ሀውስ አስተዋወቁ። ማኮሊፍ በ1948 ቦስተን ተወልዳ ማሳቹሴትስ ውስጥ በምትገኘው ፍራሚንግሃም ያደገች፣ የሁለት ልጆች እናት ናት። በኒው ሃምፕሸር በኮንኮርድ ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት የኅብረተሰብ ሳይንስ ታስተምር ነበር። ስለ አሜሪካ ሴቶች ታሪክ ራሷ የቀረጸችው ኮርስ ነበራት፤ ታሪክን ከጄኔራሎችና ከፕሬዚዳንቶች ይልቅ ተራ ሰዎች ከጻፉት ማስታወሻ ማስተማር ትወድ ነበር። ጠፈር ላይም የዕለት ማስታወሻ ልትጽፍ አቅዳለች፤ በፈረስ ጋሪ ወደ ምዕራብ አሜሪካ የተጓዙት ሴቶች እንዳደረጉት ማለት ነው። «የወደፊቱን እነካለሁ፤ አስተምራለሁና» የሚለው አባባሏ ዛሬም በየትምህርት ቤቱ ግድግዳ ላይ ይጻፋል።

ተጠባባቂዋ ባርባራ ሞርጋን የአይዳሆ ሰው ናት። ማክኮል በምትባል ትንሽ ከተማ ትንንሽ ልጆችን ታስተምር ነበር። ሁለቱ በሂውስተን አብረው ሠለጠኑ። ስሟን ያዙልኝ፣ ወደኋላ እንመለስባታለን።

ማኮሊፍ «ወደ ጠፈር ያመራች የመጀመሪያዋ ተራ ዜጋ» ሲባል ትንሽ ጥንቃቄ ይፈልጋል። በ1985 ሴናተር ጄክ ጋርን በመንኮራኩር በርሯል፤ በዚያው ዓመት የሳዑዲው ልዑል ሱልጣን ቢን ሰልማንም ተሳፍሯል። የምክር ቤት አባሉ ቢል ኔልሰን ደግሞ ከእሷ የቀደመው በቀናት ብቻ ነው፤ ኋላ ላይ የናሳ ኃላፊ ሆነ። ሴናተርና ልዑል ካለፉ በኋላ ነው እንግዲህ ተራው ለመምህር የደረሰው።

ልታስተምር የነበረው በቀጥታ የሚተላለፉ ሁለት ክፍለ ጊዜያት ነው፤ እያንዳንዳቸው 15 ደቂቃ። በአንዱ መንኮራኩሯ ውስጥ እየተዘዋወረች ልታስጎበኝ፣ በሌላው የሰው ልጅ ለምን ወደ ጠፈር እንደሚሄድ ልታስረዳ ነበር። ከዚህ ሌላ በቪዲዮ የሚቀረጹ አጫጭር ሙከራዎች ተዘጋጅተው ነበር፦ የኒውተን ሕጎች፣ ማግኔት፣ ያለ አፈር ተክል ማሳደግ፣ ቀለማትን መለየት፣ አረፋ የሚያወጣ እንክብል በውሃ ውስጥ።

ሁለቱ ቀናት

ስለ ጃንዋሪ 27 እና 28 የምናውቀው ብዙ ነው፤ መርማሪ ኮሚሽኑ ሰዓት በሰዓት መዝግቦታል።

በረራው ቀድሞውንም ተደጋግሞ ተላልፎ ነበር። ሰኞ 27 ሰባቱ ተሳፍረው፣ በሩ ተዘግቶ፣ ከበሩ ላይ መነሳት ያለበት እጀታ አልወጣ አለ። ብሎኑ አልፈታ ብሎ ነው። መሰርሰሪያ ተላከ፤ ባትሪው አልቆ ነበር። በመጨረሻ በብረት መጋዝ ተቆረጠ። እስከዚያ ድረስ ግን አየሩ ተበላሸ፣ የጎን ነፋሱ ከተፈቀደው አለፈ፣ በረራውም ለማግስቱ ተላለፈ። በዚያን ጊዜ በዓለም ላይ እጅግ ውስብስብ የነበረውን ማሽን ያገተው አንድ ብሎን መሆኑ ጉድ ያሰኛል።

ለማክሰኞ ማለዳ ደግሞ ፍሎሪዳ ያልለመደችው ብርድ ተተነበየ። ሰኞ ማታ በዩታ፣ በአላባማና በፍሎሪዳ ያሉ ሰዎች በስልክ ስብሰባ ተቀመጡ። የዩታዎቹ የሞርተን ታዮኮል መሐንዲሶች ናቸው፤ በመንኮራኩሯ ግራና ቀኝ ሆነው ወደ ላይ የሚገፏትን ሁለት ግዙፍ ሮኬቶች የሚሠራው ኩባንያ ነው። ሮኬቶቹ በክፍል በክፍል ተገጣጥመው የሚቆሙ ሲሆኑ፣ መገጣጠሚያቸውን የሚያሽጉት ጎማ ኦሪንጎች ናቸው። ጋራዥ የሚውል ሰው ኦሪንግን ያውቀዋል፤ እዚህ ግን ውፍረቱ 7 ሚሊሜትር ገደማ ሆኖ ወደ 3.7 ሜትር የሚጠጋ ስፋት ያለውን ሮኬት ይዞራል። ጎማ ሲበርደው ይደርቃል፤ ሲደርቅ ክፍተቱን በፍጥነት አይዘጋም።

ሮጀር ቦይዦሊ የተባለው መሐንዲስ ይህ ነገር የሰው ሕይወት ሊያጠፋ እንደሚችል በጁላይ 1985 በደብዳቤ አስጠንቅቆ ነበር። በዚያ ምሽትም እሱና ባልደረቦቹ ከ12 ዲግሪ ሴልሺየስ በታች አትነሱ አሉ። ከዚያ በፊት በተመዘገበው ቀዝቃዛ በረራ ላይ ትኩስ ጋዝ ኦሪንጉን አልፎ ጥቀርሻ ትቶ ነበርና። የናሳ ኃላፊዎች አልወደዱትም። ከእነሱ አንዱ ላሪ ማሎይ «ታዲያ መቼ ላስነሳላችሁ፣ በሚቀጥለው ኤፕሪል?» ሲል አፋጠጣቸው። ታዮኮሎች «አምስት ደቂቃ ስጡን» ብለው ከመስመር ወጡ። ግማሽ ሰዓት ቆዩ። እዚያ ነው አንዱ ሥራ አስኪያጅ የምሕንድስናውን ኃላፊ «የመሐንዲስነት ኮፍያህን አውልቅና የሥራ አስኪያጅ ኮፍያህን አድርግ» ያለው። ሲመለሱ ሐሳባቸውን ቀይረው ነበር። ፍሎሪዳ የነበረው የኩባንያው ተወካይ አላን ማክዶናልድ ግን አልፈርምም አለ። ሌላ ሰው ፈረመ። ከላይ ያሉት የናሳ ሹማምንት ይህ ክርክር መደረጉን እንኳ አልሰሙም።

ማለዳ ላይ የማስወንጨፊያው ማማ ላይ የበረዶ ዘንጎች ተንጠልጥለው ተገኙ። እንዲቀልጥ ተብሎ ሁለት ሰዓት ተጠበቀ። በመሳፈሪያው በር ላይ አንድ ቴክኒሻን ለማኮሊፍ ቀይ ፖም አበረከተላት፤ አሜሪካ ውስጥ ተማሪ ለመምህሩ የሚሰጠው ስጦታ ነው። ስመለስ እበላዋለሁ፣ አስቀምጥልኝ ብላ መለሰችለት።

ቻሌንጀር የተነሳችው በፍሎሪዳ ሰዓት ረፋድ 5፡38 ላይ ነው። አዲስ አበባ ምሽት 1፡38 ነበር። ሙቀቱ 2 ዲግሪ። ገና ከመነሳቷ ከቀኙ ሮኬት የታችኛው መገጣጠሚያ ጥቁር ጭስ ወጣ፤ በዓይን ያስተዋለው አልነበረም፣ ካሜራ ግን ቀርጾታል። በአንድ ደቂቃ ግድም ከዚያው ቦታ ነበልባል ብቅ አለ። በ73ኛው ሰከንድ፣ 14 ኪሎሜትር ከፍታ ላይ፣ የነዳጅ ታንኩ ተቀደደ፤ መንኮራኩሯንም የአየሩ ግፊት በጣጠሳት። ስለዚህ «ፈነዳች» የሚለው አነጋገር ልክ አይደለም። የናሳው ተናጋሪ በማይክራፎኑ «ከባድ ብልሽት መፈጠሩ ግልጽ ነው» አለ።

ዋና ዋናዎቹ የቴሌቪዥን ጣቢያዎች ቀጥታ አላስተላለፉትም፤ ሲኤንኤን ብቻ ነበር። ተማሪዎች ግን አዩት፣ ናሳ በሳተላይት ለትምህርት ቤቶች ይልክ ነበርና። በኮንኮርድ የማኮሊፍ ተማሪዎች የግብዣ ኮፍያ አድርገው አዳራሽ ውስጥ ተሰብስበው ነበር።

ከእሷ ጋር የሞቱት አዛዡ ዲክ ስኮቢ፣ አብራሪው ማይክል ስሚዝ፣ ጁዲት ሬዝኒክ፣ ኤሊሰን ኦኒዙካ፣ ሮናልድ ማክኔርና ግሪጎሪ ጃርቪስ ናቸው።

ምርመራው

ሬጋን በዚያ ምሽት ለምክር ቤቱ ሊያደርጉት የነበረውን ዓመታዊ ንግግር አስተላልፈው ሕዝቡን አጽናኑ፤ ለተማሪዎችም ለብቻው ተናገሩ። ዋይት ሀውስ ለዚህ ንግግር ሲል በረራውን አጣድፏል የሚል ወሬ ለዓመታት ሲወራ ኖሯል። ኮሚሽኑ ማስረጃ አላገኘም።

ኮሚሽኑን የመሩት ዊሊያም ሮጀርስ ሲሆኑ ኒል አርምስትሮንግ ምክትላቸው ነበር። የሁሉንም ዓይን የሳበው ግን የፊዚክስ ሊቁ ሪቻርድ ፋይንማን ነው። ፌብሩዋሪ 11 በቴሌቪዥን ፊት የኦሪንግ ቁራሽ በመቆንጠጫ ጨምቆ በረዶ ውሃ ውስጥ ነከረው። ሲፈታው ቶሎ ወደ ቅርጹ አልተመለሰም። በሪፖርቱ አባሪ ላይም የናሳ ሥራ አስኪያጆች የአደጋውን ዕድል ከ100,000 አንድ ሲሉ መሐንዲሶቹ ከ100 አንድ ይሉ እንደነበር ጻፈ። በዚህ ሒሳብ ማን ትክክል እንደነበር ማከራከሩ አብቅቷል።

የሚያከራክረው ሌላ ነው፤ ሰባቱ መቼ ሞቱ? የተሳፋሪዎቹ ክፍል ሳይደቅ ወደ ላይ ቀጥሎ ከ2 ደቂቃ ከ45 ሰከንድ በኋላ ነው ባሕሩን የመታው። ከተገኙት የአደጋ ጊዜ የአየር መሣሪያዎች ሦስቱ በርተው ነበር። ቢያንስ አንዳንዶቹ ለጥቂት ጊዜ ነቅተው እንደነበር ይገመታል። የናሳ ሐኪም ሪፖርት የሞታቸውን ምክንያት በእርግጠኝነት ማወቅ አልተቻለም ብሎ ነው ያበቃው።

መንኮራኩሮች ተመልሰው የበረሩት በሴፕቴምበር 1988 ነው።

ከዚያ ወዲህ

የሟቾቹ ቤተሰቦች ሐውልት ከማቆም ይልቅ ትምህርት መረጡ። በዚያው በ1986 የቻሌንጀር ማዕከልን መሠረቱ። ልጆች በማዕከሉ ውስጥ አንዳንዶቹ «መንኮራኩር» ላይ፣ አንዳንዶቹ «መቆጣጠሪያ ክፍል» ሆነው የጠፈር ጉዞ ይለማመዳሉ። የመጀመሪያው በ1988 ሂውስተን ተከፈተ፤ ከዚያ ወደ ሌሎች ከተሞች ተዳረሰ።

«መምህር በጠፈር» ራሱ በ1990 ተዘጋ።

ባርባራ ሞርጋን ግን ወደ ክፍሏ ተመልሳ ማስተማሯን ቀጠለች፤ ናሳንም አልራቀችም። በ1998 ሙሉ ጠፈርተኛ ሆና ተመረጠች። ይህ ከቀድሞው ውጥን ይለያል፤ እንግዳ ተሳፋሪ ሳይሆን እንደ ማንኛውም ጠፈርተኛ የሠለጠነ መምህር ማለት ነው። ልትበር የታሰበው ኮሎምቢያ በተባለችው መንኮራኩር ነበር። ኮሎምቢያ ፌብሩዋሪ 1 ቀን 2003 ወደ ምድር ስትመለስ ተሰባበረች፤ ሌሎች ሰባት ሰዎች ሞቱ። ሌላ ሰው ቢሆን «በቃኝ» ይል ነበር። እሷ ጠበቀች። ኦገስት 8 ቀን 2007፣ በ55 ዓመቷ፣ በኢንዴቨር ወጣች። 21 ዓመት ከመንፈቅ መጠበቅ ነው። የሮቦት ክንድ አንቀሳቀሰች፣ ከአይዳሆ ልጆች ጋር በቀጥታ ተነጋገረች፣ ኋላ ላይ ለትምህርት ቤቶች የሚታደል አሥር ሚሊዮን የበሶብላ ዘርም አብሯት ወጥቶ ነበር።

በ2004 ሌሎች ሦስት መምህራን ተመረጡ፦ ጆ አካባ፣ ሪኪ አርኖልድና ዶቲ ሜትካፍ-ሊንደንበርገር። አርኖልድ በሞሮኮ፣ በሳዑዲ ዓረቢያ፣ በኢንዶኔዥያና በሮማኒያ ያስተማረ ነው። ሜትካፍ-ሊንደንበርገር ናሳ የገባችበት መንገድ ደግሞ ያስቃል። አንድ ተማሪዋ «ጠፈርተኞች ሽንት ቤት እንዴት ይጠቀማሉ?» ብሎ ይጠይቃታል፤ መልሱን ናሳ ድረ ገጽ ላይ ስትፈልግ የመምህራን ጥሪ አየች። ልጆች ስለ ጠፈር መጀመሪያ የሚጠይቁት ይህንኑ እንደሆነ ያስተማረ ሁሉ ያውቃል። በ2010 ወጣች።

ማኮሊፍ ያዘጋጀቻቸው ሙከራዎች በወረቀት ላይ ብቻ አልቀሩም። በ2018 አካባና አርኖልድ ዓለም አቀፉ የጠፈር ጣቢያ ላይ ሆነው አራቱን ሠርተው ቀረጹ፤ ቪዲዮዎቹ ለመምህራን በነጻ ይገኛሉ።

በኖቬምበር 2022 ናሳ ከፍሎሪዳ ወጣ ብሎ ባሕር ውስጥ የቻሌንጀር ስባሪ መገኘቱን አረጋገጠ። ያገኙት የሁለተኛው ዓለም ጦርነት አውሮፕላን ሲፈልጉ የነበሩ ጠላቂዎች ናቸው። በሴፕቴምበር 2024 ደግሞ በኮንኮርድ፣ በኒው ሃምፕሸር ምክር ቤት ግቢ የማኮሊፍ ሐውልት ቆመ።

ከ2004 ወዲህ ናሳ ለመምህራን ብቻ የተለየ ምርጫ አላደረገም። በ2023 ግን ጆ አካባን የጠፈርተኞች ቢሮ ኃላፊ አድርጎ ሾመው። ፍሎሪዳ ውስጥ ሒሳብና ሳይንስ ያስተምር የነበረው መምህር ማን በየትኛው በረራ ይውጣ የሚለውን በሚወስነው ወንበር ላይ ተቀመጠ።