ተክለ ሃይማኖት የሚለው ስም በጎጃም

ተክለ ሃይማኖት ከግእዝ የመጣ የወንድ ስም ነው፤ የሃይማኖት ተክል ማለት ነው። ጎጃም ውስጥ ሙሉውን የሚጠራው ጥቂት ነው። ጓደኛ ተክሌ ይላል፣ እናት ተክልዬ ትላለች። ስሙ የተወረሰባቸውን ጻድቁን አቡነ ተክለ ሃይማኖትንም በጭንቅ ጊዜ የሚጠሩት በዚሁ በቁልምጫው ነው።

የስሙ መነሻ ግን ሸዋ ነው። የ13ኛው መቶ ዘመን ጻድቅ አቡነ ተክለ ሃይማኖት የተወለዱት ቡልጋ ነው። ገድላቸው እንደሚለው የመጀመሪያ ስማቸው ፍሥሐ ጽዮን ነበር። ለአደን ወጥተው ሳለ ቅዱስ ሚካኤል ተገለጠላቸው። ከእንግዲህ አውሬ ሳይሆን ነፍስ እንደሚያድኑ ነግሮ ስማቸውን ተክለ ሃይማኖት አለው። ይህን ልብ በሉልኝ። ከጅምሩ የሕይወት መንገዱ ለተለወጠ ሰው የወጣ ስም ነው።

ወደ ጎጃም ቤተ መንግሥትም የገባው በዚሁ በር ነው። የጎጃሙ ገዥ ራስ አዳል ተሰማ ይባሉ ነበር። በ1873 ዓ.ም. ዐፄ ዮሐንስ 4ኛ የጎጃምና የከፋ ንጉሥ አድርገው ሲያነግሧቸው አዳል ቀርቶ ንጉሥ ተክለ ሃይማኖት ተባሉ። በዘመኑ ለንግሥ ስም መቀየር ወግ ነበር። የባለቤታቸው የወይዘሮ ላቀች ወንድም ዋግሹም ጎበዜም ሲነግሡ ዐፄ ተክለ ጊዮርጊስ ተብለዋል። ከፋ የሚለው ማዕረግ ግን ጣጣ አመጣ። ምኒልክም አካባቢውን ይፈልጉት ነበርና በ1874 እምባቦ ላይ ተዋጉ፤ ተክለ ሃይማኖት ተሸንፈው ተማረኩ። ከ14 ዓመት በኋላ ዓድዋ ላይ ከምኒልክ ጎን ዘመቱ። ያረፉት በ1893 ነው።

መናገሻቸውም እንደሳቸው ስም ቀይራለች። ከተማዋ በደጃዝማች ተድላ ጓሉ ጊዜ መንቆረር ነበረች፤ በንጉሡ ዘመን በቅዱስ ማርቆስ ቤተ ክርስቲያን ስም ደብረ ማርቆስ ተባለች። ዛሬ መሃሏ ላይ የንጉሥ ተክለ ሃይማኖት አደባባይ አለ።

ለእኔ የስሙ ትልቁ ቤት ግን ገጠር ያለው ክርስትና ነው። ወንድ ልጅ በተወለደ በ40 ቀኑ ይጠመቃል። ያኔ ቤት ውስጥ አንተነህ፣ ስንሻው ወይም ይበልጣል ተብሎ ይጠራ ይሆናል። ይህ የዓለም ስሙ ነው፤ ወላጅ ወይም አያት ያወጡለታል። ካህኑ ደግሞ የክርስትና ስም ይሰጡታል፣ አንገቱ ላይም ማዕተብ ይታሰርለታል። ቀኑ 24 ከዋለ ተክለ ሃይማኖት መባሉ ብዙ አያስገርምም፤ በየወሩ 24 የጻድቁ መታሰቢያ ነው። ከስሙ ጋር ጠባቂም ያገኘ ይመስለዋል ወላጅ።

ይህ ሁለተኛው ስም እንደ ልብ አይጠራም። መተተኛ እንዳይሰማው ተብሎ ይደበቃል። የሚያውቁት እናቱ፣ የክርስትና አባቱና የነፍስ አባቱ ናቸው። ሥጋ ወደሙ ሲቀበል ይነገራል፣ ሲሞትም ፍትሐቱ በዚሁ ስም ይደረሳል። ዕድሜ ልኩን ስንሻው እየተባለ የኖረ ጎረቤት ተክለ ሃይማኖት መሆኑን መንደሩ የሚሰማው ያኔ ሊሆን ይችላል። ካህናት ዘንድ ነገሩ የተገላቢጦሽ ነው። እዚያ የክርስትና ስሙ ይወጣና የዓለሙ ይረሳል።

በ24 ማኅበር የሚጠጡም አሉ። ዳቦውና ጠላው ይቀርባል፣ ጸሎት ይደረሳል፣ ማኅበርተኛው በየተራ ይቀምሳል። በመጨረሻ ጽዋውን የሚቀጥለው ወር ተረኛ ተቀብሎ ይዞት ይሄዳል። ነሐሴ 24 ግን የጻድቁ ዕረፍት ነውና ዝክሩ ይደምቃል። ፍልሰታ ከተፈታ ገና ሳምንት በመሆኑም ድግሱ ይጣፍጣል።

አጭሩ ተክሌ በዝማሬውም ዓለም ስም ሆኖ ቀርቷል። አለቃ ገብረ ሐና አንድ የአቋቋም፣ ማለትም በማኅሌት በመቋሚያ የሚዘመርበት፣ ስልት አወጡ፤ የጎንደር ሊቃውንት ግን አልተቀበሉትም። ልጃቸው ተክሌ ከአባቱ ተምሮ ደብረ ታቦር ላይ አስፋፋው። ስልቱም በልጁ ስም ተጠራ። የአቋቋም መምህራን እስከ ዛሬ ትምህርቱን ላይ ቤት፣ ታች ቤት፣ ተክሌ እያሉ ይለዩታል።