ኬ. አር. ጋውሪ አማ (1919–2021)፦ የኬረላ የመሬት አዋጅ እናት

ኬ. አር. ጋውሪ በደቡብ ህንድ የኬረላ ግዛት ኮሚኒስት ፖለቲከኛ፣ የሕግ ባለሙያና የሴቶች መብት ታጋይ ነበሩ። አገሩ ሁሉ የሚያውቃቸው "ጋውሪ አማ" ብሎ ነው። "ማ" ጠብቃ ትነበባለች። ቃሉ በኬረላ ቋንቋ፣ በማላያላም፣ እናት ማለት ነው፤ እኛ ትልቅ ሴት ስናከብር "እማማ" እንደምንለው። ኬረላ ለእኛም ሩቅ አይደለችም። በንጉሡም በደርግም ጊዜ በየሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤቱ ካስተማሩን ህንዳውያን መምህራን ብዙዎቹ የዚያ ግዛት ሰዎች ነበሩ። (እዚህ ያሉት ዓመታት፣ ወራትና ቀናት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

የተወለዱት በ1919 በአላፑዛ አካባቢ፣ ፓታናካድ በምትባል መንደር ነው። ቤተሰባቸው ኑሮው ደህና ነበር፤ ግን የኢዛቫ ወገን ነው። ኢዛቫዎች በዚያ ዘመን በዝቅተኛነት የሚታዩ፣ የቤተ መቅደስ ደጃፍ እንኳ እንዳይረግጡ የተከለከሉ ነበሩ። ክልከላው አካባቢውን ይገዛ በነበረው በትራቫንኮር ንጉሥ አዋጅ የተነሳው በ1936 ነው። ያኔ ጋውሪ 17 ዓመታቸው ነበር። ኤርናኩላም ኮሌጅ ተማሩ፤ ከዚያ ትሪቫንድረም ሄደው ሕግ አጠኑ። ከኢዛቫ ሴቶች በሕግ የተመረቁ የመጀመሪያዋ እሳቸው ናቸው።

በ1948 የኮሚኒስት ፓርቲ አባል ሆኑ። ፓርቲው በዚያው ዓመት መታደን ጀመረ፤ እሳቸውም ታሰሩ፣ ተደበደቡ። ስለ እስር ቤቱ የተናገሩት ኬረላ ውስጥ እስከ ዛሬ ይጠቀሳል፦ የፖሊስ ዱላ የማስረገዝ ኃይል ቢኖረው ኖሮ ስንት የዱላ ልጅ በወለድኩ ነበር። ይህን በአደባባይ ለመናገር በዚያ ዘመን ምን ያህል ወኔ እንደሚጠይቅ ለማንም ግልጽ ነው። በ1952 እና በ1954 ኬረላ ከመመሥረቷ በፊት ለነበረችው ግዛት፣ ለትራቫንኮር-ኮቺን፣ ምክር ቤት ተመረጡ።

ዋናው ታሪካቸው የሚጀምረው ግን በ1957 ነው። አዲስ የተመሠረተችው ኬረላ ባካሄደችው የመጀመሪያ ምርጫ ኮሚኒስቶቹ አሸነፉ። ሚያዝያ ላይ የግዛቱ ዋና ሚኒስትር የሆኑት ኢ. ኤም. ኤስ. ናምቡዲሪፓድ ካቢኔያቸውን ሲያዋቅሩ ጋውሪ የመሬትና የገቢ ጉዳይ ሚኒስትር ሆኑ። ዕድሜያቸው 37 ነበር፤ በካቢኔው ውስጥም ብቸኛዋ ሴት።

ሥራ የጀመሩት ከአጣዳፊው ነገር ነው። መንግሥቱ በተመሠረተ በሳምንት ጊዜ ውስጥ ጭሰኛን ከመሬቱ መንቀል የሚከለክል ድንጋጌ ወጣ። ምክንያቱ ግልጽ ነው። የመሬት ሕግ ሊመጣ ነው የሚል ወሬ ከተሰማ ባለመሬቱ ቀድሞ ጭሰኛውን ያባርራል፤ ሕጉ ሲደርስ የሚጠቅመው ሰው መሬቱ ላይ አይገኝም። ድንጋጌው ያን በር ዘጋ።

ዋናውን የመሬት ረቂቅ ሕግ ለምክር ቤቱ ያቀረቡትም እሳቸው ናቸው። በሰኔ 1959 ጸደቀ። ባለመሬቶች፣ የቤተ ክርስቲያን መሪዎችና ናየር የሚባለው ከፍ ያለ ወገን ማኅበር ግን በመሬት ሕጉም፣ የግል ትምህርት ቤቶችን ለመቆጣጠር በወጣው የትምህርት ሕግም ተቆጥተው አደባባይ ወጥተው ነበር። ሐምሌ 31 ቀን ማዕከላዊው መንግሥት ካቢኔውን በተነ። የኬረላ ግራ ክንፍ ይህን እስከ ዛሬ የዴሞክራሲ ግድያ ይለዋል። ሌሎች ደግሞ ሥርዓት አልበኝነትን ያስቆመ እርምጃ ነው ይላሉ። በምርጫ የመጣ መንግሥት በዚያ መንገድ መባረሩ ግን ትክክል ነበር ለማለት ያስቸግራል። ሕጉም በ1961 በህንድ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በከፊል ተሻረ።

ጋውሪ ግን አልተዉትም። በ1967 ወደዚያው ሚኒስቴር ተመለሱ። መንግሥታቸው በ1969 ከመውደቁ በፊት የተሻሻለውን ሕግ አስጸደቁ፤ ከጥር 1 ቀን 1970 ጀምሮ ሥራ ላይ ዋለ። ጭሰኝነት በሕግ ቀረ፤ የሚያርሰው ሰው ባለቤት ሆነ።

ከሁሉም ቀልብ የሚስበው ስለ ጎጆ ነዋሪዎች የተጻፈው ክፍል ነው። እነዚህ ሰዎች በባለመሬቱ ግቢ ጥግ፣ ከኮኮናት ዛፎች ሥር፣ በቅጠል የተከደነች ጎጆ ቀልሰው የሚኖሩ ሠራተኞች ናቸው። ጌታው "ንቀል" ካለ ጎጆዋን ነቅሎ መሄድ ነው። አዲሱ ሕግ በገጠር ጎጆዋ ካለችበት ቦታ ጋር የአንድ ኤከር አንድ አሥረኛ፣ ወደ 400 ካሬ ሜትር ገደማ፣ ከገበያው ባነሰ ዋጋ የመግዛት መብት ሰጣቸው። ሰዎቹ ቦታውን ምልክት አድርገው በገዛ እጃቸው ማጠር ጀመሩ።

የሕጉ ጉድለትም ይነገራል። የሻይና የጎማ ተክል እርሻዎች አንድ ባለቤት ሊይዝ ከሚችለው የመሬት ጣሪያ ነፃ ተደርገዋል። ዳሊት የሚባሉት፣ ከሁሉም በታች ተደርገው የሚታዩት የቀን ሠራተኞችም ከቤት መሥሪያ ያለፈ የእርሻ መሬት ብዙም አልደረሳቸውም። ትችቱ እውነት አለው።

ትዳራቸው ከፓርቲው ዕጣ ጋር ተሳሰረ። በ1957 የካቢኔ ባልደረባቸውን ቲ. ቪ. ቶማስን አገቡ። ፓርቲው በ1964 ለሁለት ሲከፈል እሳቸው ወደ ማርክሲስቱ ወገን ሄዱ፤ ባላቸው በነባሩ ቀሩ። በ1967 ሁለቱም ሚኒስትር ነበሩ፤ ግን የሁለት ፓርቲ። ጎን ለጎን ባሉ ቤቶች ይኖሩ እንደነበርና መካከላቸው ያለው መተላለፊያ እንደታጠረ ይነገራል። ቶማስ በ1977 ዐረፉ።

በሴቶች ድርጅቶች ውስጥ ለአሥርት ዓመታት መሪ ነበሩ። የኬረላ የሴቶች ኮሚሽን ሕግም ከ1987 እስከ 1991 ሚኒስትር በነበሩበት ጊዜ የተረቀቀ ሲሆን ኮሚሽኑ በ1996 ተቋቋመ።

በ1987 ምርጫ የግራ ደጋፊዎች "ኮኮናት በሞላባት ኬረላ ጋውሪ ትገዛለች" እያሉ ቀሰቀሱ። ድሉ ከመጣ በኋላ ግን የዋና ሚኒስትርነቱ ወንበር ለፓርቲ ባልደረባቸው ለኢ. ኬ. ናያናር ተሰጠ። ሴት ስለሆኑ ነው የሚሉ አሉ፤ ከኢዛቫ ስለሆኑ ነው የሚሉም አሉ፤ ፓርቲው ሁለቱንም አይቀበልም። በመፈክሩ የተጠሩት ግን እሳቸው ነበሩ። ኬረላ እሳቸው እስኪያርፉ ድረስ ሴት ዋና ሚኒስትር አላየችም። በጥር 1 ቀን 1994 ፓርቲው ዲሲፕሊን ጥሰዋል ብሎ አባረራቸው። የራሳቸውን ፓርቲ መሥርተው ከ2001 እስከ 2006 ከቀድሞ ተቃዋሚዎቻቸው ጋር ሚኒስትር ሆኑ። በ2006 በአሮር የምርጫ ክልል ተሸነፉ።

የሕይወት ታሪካቸው የኬረላ ሥነ ጽሑፍ አካዳሚን ሽልማት በ2011 አግኝቷል። ግንቦት 11 ቀን 2021 በ101 ዓመታቸው ዐረፉ። ጊዜው የኮሮና ስለነበረ ግዛቱ የለቅሶውን ገደብ ለእሳቸው ሲል አላልቶ 300 ሰው እንዲገኝ ፈቀደ። አስከሬናቸው የተቃጠለው በመንግሥት ክብር፣ አላፑዛ በሚገኘው በቫሊያ ቹዱካዱ፣ የፑናፕራ-ቫያላር ሰማዕታት (በ1946 በኮሚኒስቶች በተመራው የሠራተኞች አመፅ የተገደሉት) ባረፉበት ቦታ ነው።