የሐረሪ ቤት ሲገቡ የት ይቀመጣሉ?

ብዙ ጎብኚ የጀጎልን ግንብ አይቶ ይመለሳል። አሚር ኑር በ16ኛው ክፍለ ዘመን ያሠሩት ግንብ ነውና አይፈረድበትም፤ የጥንቱን ሰው ኑሮ ለማወቅ ግን የሐረሪ ቤት ውስጡ ይበልጣል ባይ ነኝ።

እንግዳን ግራ የሚያጋባው መቀመጫው ነው። ወንበር የለም፤ ከፍታቸው የተለያየ፣ ቀይ የተቀቡ አምስት መደቦች አሉ፤ ነደባ ይባላሉ። አሚር ነደባ የአባወራው ነው፤ እዚያ ሆኖ በበሩ የሚገባውን ሁሉ ያያል። ከበሩ ኋላ ያለው ገብቲ አኸር ነደባ በማዕረግ ዝቅ ለሚሉት ነው። እርስዎ ሌላ ቦታ ካልተባሉ ሰፊው ግድር ነደባ ላይ አረፍ ይበሉ፤ የብዙኃኑ ቦታ ነው። ጫማዎን ግን አስቀድመው ያውልቁ።

ቀና ሲሉ ከበሩ በላይ የተጠቀለለ ምንጣፍ ካዩ፣ ለጋብቻ የደረሰች ልጅ አለች ማለት ነው።