ታን ካ ኪ፦ ዩኒቨርሲቲ የከፈቱት የጎማ ነጋዴ፣ የተሳሳቱ አመለካከቶች እና እውነታው

ታን ካ ኪ በ1874 (ዓመቶቹ በሙሉ እ.ኤ.አ. ናቸው) በደቡብ ቻይና ፉጂያን ክፍለ ሀገር፣ ጂሜይ በምትባል የባሕር ዳር መንደር ተወለዱ። በ16 ዓመታቸው አባታቸው ወደሚነግዱበት ሲንጋፖር ተሻገሩ። በኋላ በአናናስና በጎማ ከበሩ፤ ትምህርት ቤቶች፣ አልፎም ዩኒቨርሲቲ ከፈቱ። እንዲህ ያለ ሰው ሲነሳ ብዙ ነገር ይባላል። ሁሉም ግን ልክ አይደለም።

«ሀብቱን ከአባታቸው ነው የወረሱት»

የወረሱት ኪሳራ ነው። በ1904 ገደማ የአባታቸው የሩዝ ንግድ ወደቀ። ሲንጋፖር ያኔ በእንግሊዝ ሥር ነበረች፤ ሕጉም ልጅ የአባቱን ዕዳ እንዲከፍል አያስገድድም። እሳቸው ግን በትንሽ ካፒታል የአናናስ ማሸጊያ ከፍተው ሠሩ፤ ከጥቂት ዓመታት በኋላም ከአበዳሪዎቹ ጋር ተስማምተው ዕዳውን ዘጉ። በአናናሱ እርሻ መሀል የጎማ ዛፍ የተከሉትም በ1906፣ በዚያው በጭንቁ ጊዜ ነው። ይህን ታሪክ ቀለል አድርጋችሁ አትለፉት። ሰውየውን የምንረዳው እዚህ ላይ ይመስለኛል። በኋላ ለትምህርት ቃል የገቡትን ገንዘብም እንደ ዕዳ ነው የቆጠሩት።

«ተርፏቸው ነው የሰጡት»

ይሄኛው ነው በጣም የሚያሳዝነኝ። በ1921 በፉጂያን፣ ሽያመን ከተማ የሽያመን ዩኒቨርሲቲ ሲከፈት ለማቋቋሚያ 1 ሚሊዮን፣ ለ12 ዓመት ማስኬጃ ደግሞ 3 ሚሊዮን የቻይና ብር ለመስጠት ቃል ገቡ። ይህ ከትርፍ ላይ የሚቆረጥ ገንዘብ አይደለም፤ ያኔ የነበራቸውን ሀብት የሚያህል ነው።

ከዚያ ክፉ ቀን መጣ። የጎማ ዋጋ ወረደ፤ በ1929 ደግሞ የዓለም ኢኮኖሚ ተናጋ። በሺዎች የሚቆጠር ሠራተኛ የነበረው ድርጅታቸው የባንክ ዕዳ ውስጥ ገባ። በ1931 አበዳሪ ባንኮች ድርጅቱን በቁጥጥራቸው ሥር አስገቡት። ለትምህርት ቤቶቹ የሚላከው ገንዘብ እንዲቆም ግፊት ሲደረግባቸው አሻፈረኝ አሉ። ቪላዎቻቸውን ሸጡ። በ1934 ድርጅቱ ተዘጋ፤ ዩኒቨርሲቲው ግን አልተዘጋም።

«ትምህርት ቤት የከፈቱት ራሳቸው በደንብ ስለተማሩ ነው»

የተማሩት በመንደራቸው፣ የጥንት ጽሑፍ በቃል በሚሸመደድበት ትምህርት ቤት ነው። ዩኒቨርሲቲ ደጃፍ አልረገጡም፤ እንግሊዝኛም ብዙም አይችሉም ነበር።

«ያሰቡት ለምሁራን ብቻ ነው»

ጂሜይን እንይ። በመንደሯ እያንዳንዱ የዘር ሐረግ የየራሱ ትንሽ ትምህርት ቤት ነበረው፤ እዚያም የሚማሩት ወንዶች ብቻ ናቸው። ታን ካ ኪ የሁሉንም የዘር ሐረግ ልጆች በአንድ ጣሪያ ሥር ማስተማር ፈለጉ፤ ግን መሬት የሚሸጥላቸው ጠፋ። ስለዚህ የዓሣ ኩሬ ገዙ። ዙሪያውን ቦይ አስቆፍረው፣ ኩሬውን በአፈር አስደልድለው በላዩ ትምህርት ቤት ሠሩ። ጊዜው 1913 ነው። በ1917 የሴቶች ትምህርት ቤት ተከተለ። ከዚያ የመምህራን ማሠልጠኛ፣ በ1920 ደግሞ የዓሣ ማስገርና የመርከብ ሙያ ትምህርት ቤት መጣ። የዓሣ አጥማጅ ልጅ መርከብ መንዳት ይማር ማለት ምን ያህል አርቆ ማሰብ እንደሆነ አስቡት!

«ስም ለማትረፍ ነው»

ዩኒቨርሲቲው የሚጠራው በከተማው ስም እንጂ በእሳቸው አይደለም። በ1937 አቅማቸው ሲያልቅ ያለምንም ካሳ ለቻይና መንግሥት አስረከቡት። በስተርጅና ወደ ጂሜይ ተመልሰው ሲኖሩ የሻማ ማስቀመጫቸው የተሰበረ የሸክላ ስኒ ነበር፤ ተገልብጦ ሻማው ከላይ ይተከልበታል። በ1961 ሲያርፉ ገንዘባቸው ለልጆቻቸው አልተከፋፈለም።

«ለትውልድ አገራቸው እንጂ ለተሰደዱበት አላሰቡም»

በ1919 ሲንጋፖር ውስጥ በቻይንኛ የሚያስተምር ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት እንዲከፈት ያስተባበሩት እሳቸው ናቸው። ከመላው ደቡብ ምሥራቅ እስያ ተማሪ ይቀበል ነበር። በእንግሊዝኛ ለሚያስተምሩ ትምህርት ቤቶችም ለግሰዋል። የእሳቸው ተቀጣሪ የነበሩት፣ በኋላም ልጃቸውን ያገቡት ሊ ኮንግ ቺያንም መንገዱን ቀጠሉ፤ በ1953 ለሲንጋፖር ቤተ መጻሕፍት በአገሩ ገንዘብ 375,000 ዶላር ሰጡ። ቅድመ ሁኔታቸው ማንም ሰው በነጻ ገብቶ ያንብብ የሚል ነበር። ሕንፃው በ1960 ተከፈተ።